መንግሥት ከሕዝቡ ጋራ የሚነጋገርበት ቋንቋ
(በራዲዮ የተደረገ ንግግር)



በዛሬው ንግግሬ ላወሳላችሁ ያሰብሁት የቋንቋን ጉዳይ ነው። ቋንቋ ስል ሊቃውንቱ የሚከራከሩበትን ሰዋስው ማለቴ አይደለም፤ እናንተና እኔ በየቀኑ በመሥሪያ ቤታችን የምንጽፍበትን፥ ባለጉዳዩ ማመልከቻውን የሚያስጽፍበትን፥ ዳኛው ፍርዱን የሚያነብበትን ቋንቋ ማለቴ ነው። ለዚህም ነገር ምሳሌ እንድትሆነን ከምሥራቅ አፍሪካ አገሮች ታንዛንያን መርጫለሁ። ስለ ምን እንደ መረጥኋት ንግግሬ እየገፋ ሲሄድ ትረዱታላችሁ። ዘመኑን የምጠቅሰው በአውሮፓውያን አቈጣጠር መሆኑን አስቀድሜ አስታውቃለሁ።

ነገሩን እዚሁ ከአዲስ አበባ ልጀምር። በ2004 የክረምት መግቢያ ላይ የአፍሪካ ኅብረት መሪዎች በዋና ከተማችን ተሰብስበው ሳሉ፥ በዚያን ጊዜ የሞዛምቢክ ፕሬዚዳንት የነበሩት ዮአኪም ቺሳኖ ለንግግር ተነሡ። የአገራቸው መንግሥት የሥራ ቋንቋ ፖርቱጋልኛ ነው። እርሳቸው ግን በስዋሒሊ ተናገሩ። ይህንንም ቋንቋ የለመዱት አገራቸውን ከፖርቱጋል ገዥዎች ነጻ ለማውጣት በዳሬሰላም ተቀምጠው ይታገሉ በነበረበት ዘመን ነው። ከታዳሚዎቹም ብዙዎቹ የሚባለውን ለመረዳት ተቸገሩ። አፍሪካውያን በተሰበሰቡበት አዳራሽ የአፍሪካ ቋንቋ እንግዳ ሆኖ ተገኘ ማለት ነው። ከዐሥራ ስምንት ዓመት በኋላ፥ በ2022 መጀመሪያ፥ በዚሁ በአዲስ አበባ የተሰበሰበው የኅብረቱ ጉባኤ ስዋሒሊ ከኅብረቱ የሥራ ቋንቋዎች አንዱ እንዲሆን ተቀበለ። እንግዳው ባለቤት ሆነ። ይሁን እንጂ ይህን ያደረገለት የጉባኤ ውሳኔ ብቻ አይደለም፤ አስቀድሞ በብዙ ትናንሽ መሥሪያ ቤቶች ውስጥ በብዙ ትናንሽ ጸሓፊዎች ብዕር ተሠርቶ ያደረ ቋንቋ ስለ ነበረ ነው።

ታንዛንያ፥ ታንጋኒካ ይባል የነበረው የየብሱ አገርና የዛንዚባር ደሴቶች በ1964 ተዋሕደው የመሠረቷት አገር ናት። በውስጧ ከ120 የሚበልጡ ቋንቋዎች ይነገራሉ። አብዛኞቹ ባንቱ ከሚባለው የቋንቋ ወገን ናቸው። ከነዚህም ብዙ ተናጋሪ ያለው ከቪክቶሪያ ሐይቅ በስተ ደቡብ የሚኖሩት የሱኩማ ሰዎች ቋንቋ ሲሆን፥ እርሱም ቢሆን ከአገሩ ሕዝብ ሩቡን እንኳ አያዳርስም። በሰሜን በኩል ከብት አርቢዎቹ ማሳዮች የናይል ወገን የሆነ ቋንቋ ይናገራሉ። በምቡሉ ደጋ የሚኖሩት የኢራቅዊ ሰዎች ቋንቋ ደግሞ ከኩሽ ወገን ነውና፥ የኛ አገር ኦሮምኛና ሶማልኛ የሩቅ ዘመዶቹ ናቸው። በኤያሲ ሐይቅ አጠገብ በአደንና ሥራ ሥር በመቈፈር የሚኖሩት ሐድዛዎች ምላስን ከላንቃ ጋራ እያጋጩ የሚያሰሙት ድምፅ ያለበት ቋንቋ አላቸው፤ ተናጋሪዎቹም አንድ ሺህ ገደማ ብቻ ናቸው።

እንዲህ ያለ አገር ነጻነቱን ባገኘ ጊዜ የመንግሥቱ ሥራ በምን ቋንቋ ይካሄድ? ጋናና ናይጄሪያ እንግሊዝኛን ያዙ፤ ሴኔጋል ፈረንሳይኛን ያዘች። አድራጎታቸውም የሚያስነቅፍ አይደለም፤ ከብዙ ወንድማማቾች መካከል የአንዱን ቋንቋ መርጦ በሌላው ላይ መሾም ጠብ እንዳያመጣ የፈሩበት ምክንያት ነበራቸው። ታንዛንያ ግን የውጭ ቋንቋ ሳትሻ፥ ከአገር ውስጥም የአንዱን ትልቅ ጐሣ ቋንቋ ሳትሾም የምታልፍበት መንገድ ነበራት።

ስዋሒሊ ስሙን ያገኘው የባሕር ዳርቻዎች ማለት ከሆነው የዐረብኛ ቃል ነው። አጥንቱ ባንቱ ነው፤ ከዐረብ ነጋዴዎች ጋራ በብዙ መቶ ዓመት ጉርብትና የተቀበላቸው ቃላት ግን ብዙ ናቸው። አስቀድሞ በዐረብ ፊደል፥ በኋላም በላቲን ፊደል ተጽፏል። በ19ኛው መቶ ዓመት የዝሆን ጥርስ የሚያመላልሱ ሲራራ ነጋዴዎች ከዛንዚባር ትይዩ ከሚገኘው ዳርቻ ተነሥተው እስከ ታቦራና እስከ ታንጋኒካ ሐይቅ ድረስ ሲጓዙ ቋንቋውንም ይዘውት ዘለቁ። ስለዚህ በደጋውና በሐይቁ አገር ያለ ሰው ስዋሒሊን ያወቀው የገዥ ቋንቋ ነው ብሎ ሳይሆን የገበያ ቋንቋ ነው ብሎ ነው። የሚቀናበትም ብዙ አልነበረም፤ በዳርቻው ከሚኖሩት ጥቂት ሰዎች በቀር የእናቱ ቋንቋ የሆነለት ወገን አልነበረምና።

እዚህ ላይ ከኛ ጋራ የሚያገናኘንን አንድ ነገር ሳላነሣ ባልፍ ይቈጨኛል። ስዋሒሊ ተናጋሪ ሰዓቱን የሚቈጥረው እንደኛ ከፀሓይ መውጫ ጀምሮ ነው። አውሮፓዊው ሰባት ሰዓት የሚለውን የማለዳ ጊዜ እኛ አንድ ሰዓት እንላለን፤ እርሱም «ሳ ሞጃ» ይለዋል፥ አንድ ሰዓት ማለቱ ነው። እንግዲህ አንድ ኢትዮጵያዊ ዳሬሰላም ላይ ቀጠሮ ቢሰጠው በሰዓት አይሳሳትም። የሚሳሳተው በሐኪም ነው። በስዋሒሊ «ሐኪሙ» የሚባለው በሽተኛ የሚያክመው ሰው ሳይሆን በታችኛው ፍርድ ቤት የሚያስችለው ዳኛ ነውና፥ የታመመ ወገናችን ሐኪም ፍለጋ ቢወጣ ከችሎት ፊት ሳይቀርብ አይቀርም።

ወደ ቁም ነገሩ እንመለስ። ጀርመኖች በ19ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ያን አገር በያዙ ጊዜ ለእያንዳንዱ ጐሣ አስተርጓሚ ማቆም አልቻሉም። የነበራቸው ነጭ ሹም ጥቂት ነበር። ስለዚህ በሰሜኑ ወደብ በታንጋ ትምህርት ቤት ከፍተው ወጣቶችን በስዋሒሊ ማንበብና መጻፍ እያስተማሩ ጸሓፊ፥ ግብር ሰብሳቢና የአውራጃ ሹም አድርገው ወደ ውስጠኛው አገር ይልኩ ጀመር። ጸሓፊውን «ካራኒ»፥ ሹሙን «አኪዳ» ይሉታል። ይህን ያደረጉት ለሕዝቡ አስበው አልነበረም፤ ወጪ እንዲቀንስላቸው ነው። ከአኪዳዎቹም ብዙዎቹ በሕዝቡ ዘንድ የተጠሉ ነበሩ። ሆኖም ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በፊት ከአንዱ የገጠር ሹም ወደ ሌላው የሚሄድ የመንግሥት ደብዳቤ በአፍሪካ ቋንቋ የሚጻፍበት አገር ሆኖ ነበር። በዚያ ዘመን ይህ በሌሎች ቅኝ አገሮች በቀላሉ የሚገኝ ነገር አልነበረም።

ከጀርመኖቹ በኋላ የመጡት እንግሊዞች የዛንዚባር ከተማን አነጋገር ለጽሕፈት መሠረት አድርገው መረጡ፤ በ1930ም ለምሥራቅ አፍሪካ ግዛቶቻቸው አንድ የቋንቋ ኮሚቴ አቋቋሙ፤ መዝገበ ቃላትም አወጡ። ነገር ግን ሥራውን ለሁለት ከፈሉት። ስዋሒሊ ለመንደር ሹምና ለታችኛው ትምህርት ቤት፥ እንግሊዝኛ ለከፍተኛው መሥሪያ ቤትና ለከፍተኛው ትምህርት ሆነ። ይህን ክፍፍል ልብ በሉልኝ፤ ወደ ኋላ እመለስበታለሁና።

በዚያ በታችኛው ወንበር ላይ ከተቀመጡት ጸሓፊዎች አንዱ ሻባን ሮበርት ይባል ነበር። በ1909 ተወልዶ በ1962 የሞተ ነው። በጕምሩክ በጸሓፊነት ሠራ፤ በታንጋ የአውራጃ ጽሕፈት ቤት ሠራ፤ በመሬት ቅየሳ መሥሪያ ቤትም አገለገለ። እንደ እናንተና እንደኔ በጧት ገብቶ ማታ የሚወጣ የመንግሥት ሠራተኛ ነበር። ከሥራ ሰዓት ውጭ ግን ግጥምና ልብ ወለድ ታሪክ ይጽፍ ነበርና፥ ዛሬ በስዋሒሊ ሥነ ጽሑፍ ከርሱ በላይ የሚጠራ ደራሲ በቀላሉ አይገኝም። የአባቶቹ ወገን ያኦ የሚባለው ሕዝብ ነው። ስዋሒሊን ግን የራሱ አድርጎ ያዘው። ከጕምሩክ መዝገብ ላይ ቀና ብሎ እንዲህ ያለ ሥራ የሠራ ሰው መኖሩን ሳስብ፥ በበኩሌ በራሴ መሥሪያ ቤት ያሳለፍኋቸው ምሽቶች ያሳፍሩኛል።

በ1954 ሐምሌ 7 ቀን ታኑ የሚባለው የነጻነት ማኅበር ተመሠረተ። መሪው ጁልየስ ኔሬሬ የተወለዱት በቪክቶሪያ ሐይቅ አጠገብ ከሚኖሩት ጥቂት ሕዝብ ከዛናኪ ወገን ነው። በእናታቸው ቋንቋ ቢናገሩ ኖሮ የሚሰማቸው የአንድ አውራጃ ሰው ብቻ ነበር። በስዋሒሊ ስለ ተናገሩ ከዳርቻው እስከ ሐይቁ ተሰሙ። አገሩ በ1961 ነጻ ወጣ። በኤዲንበርግ ዩኒቨርሲቲ የተማሩት እኒህ ሰው በ1963 የሼክስፒርን «ጁልየስ ቄሣር»፥ በ1969ም «የቬኒሱን ነጋዴ» ወደ ስዋሒሊ መልሰው አሳተሙ። አንድ የአገር መሪ ከዚህ የባሰ ስንት አጣዳፊ ሥራ እያለበት ስለ ምን በትርጕም ላይ ይደክማል ትሉ ይሆናል። ይህ ቋንቋ ለገበያና ለግብር ደረሰኝ እንጂ ለከፍተኛ አሳብ አይበቃም ለሚሉት ሰዎች መልስ መስጠታቸው ነበር።

በ1967 መጀመሪያ ሁለተኛው ምክትል ፕሬዚዳንት ራሺዲ ካዋዋ የመንግሥት ሥራ ሁሉ በስዋሒሊ እንዲካሄድ አስታወቁ። በዚያው ዓመት የስዋሒሊ ብሔራዊ ምክር ቤት በሕግ ተቋቋመ፤ የአንደኛ ደረጃ ትምህርትም በመላው አገር በስዋሒሊ እንዲሰጥ ሆነ። ዐዋጁ ይኸው ነው፤ ላንብበው ብትሉ አጭር ነው። ነገር ግን ዐዋጅ ብቻውን ደብዳቤ አይጽፍም። በማግሥቱ ጧት በጽሕፈት መኪናው ፊት የተቀመጠው ካራኒ፥ በእንግሊዝኛ ያለ አሳብ ይጽፈው የነበረውን ሁሉ አሁን በምን ቃል ይጻፈው? እናንተ «ጉዳዩ» ብላችሁ ከሥሩ በምታሰምሩበት ቦታ እርሱ «ያሁሱ» የሚለውን ቃል አሳጥሮ ጻፈ፤ «የሚመለከተው» ማለት ነው። የደብዳቤው ቍጥር በሚገባበት ቦታ «ኩምቡኩምቡ» የሚለውን አሳጥሮ አስገባ፤ ትዝታ ወይም ማስታወሻ ማለት ነው። መዝገብ ቤቱን ከዐረብኛ በመጣው ቃል «ማሲጃላ» አለው። ዛሬ ከታንዛንያ መንግሥት መሥሪያ ቤት የሚወጣውን ማናቸውንም ደብዳቤ ብትመለከቱ ከራስጌው እነዚህን አሕጽሮተ ቃላት ታገኛላችሁ። አንድ ቋንቋ የመንግሥት ቋንቋ ሆነ የሚባለው በሕገ መንግሥት በተጻፈበት ቀን ሳይሆን፥ ተራ ጸሓፊው ሳይጨነቅ «ጉዳዩ» ብሎ መጻፍ በቻለበት ቀን ይመስለኛል።

ፍሬውም ታየ። በ1973 መንግሥቱ «ምቱ ኒ አፍያ» የሚል የጤና ትምህርት በራዲዮ አሰራጨ፤ «ሰው ማለት ጤና ነው» እንደ ማለት ነው። ገበሬዎቹ በየመንደሩ በቡድን በቡድን ሆነው በራዲዮው ዙሪያ ተቀምጠው ያዳምጡ፥ ከዚያም በተሰጣቸው መጽሐፍ እየተመሩ ይወያዩ ነበር። ሁለት ሚሊዮን የሚያህል ሰው እንደ ተካፈለ ይነገራል። ከተወያዩም በኋላ ተነሥተው መጸዳጃ ጕድጓድ ቈፈሩ፤ በየቤታቸው ዙሪያ ያለውን ሣር አጨዱ። ራዲዮው በእንግሊዝኛ ቢናገር ኖሮ፥ ወይም ከመቶ በሚበልጡ ቋንቋዎች ተራ በተራ ልናገር ቢል ኖሮ፥ ያ ሁሉ ጕድጓድ አይቈፈርም ነበር። በራዲዮ የሚናገር ሰው ይህን ታሪክ ያለ ቅናት ሊያወራው አይችልም።

እስከዚህ ድረስ ያልኋችሁ የምስጋና ነው። አሁን ደግሞ ቤቱን ወደ ላይ ወጣ ብለን እንየው።

የታንዛንያ ልጅ ሰባት ዓመት በስዋሒሊ ይማራል። ቍጥሩን፥ የአገሩን ታሪክ፥ ስለ ዕፀዋትና ስለ እንስሳት የሚያውቀውን ሁሉ በስዋሒሊ አውቆ ወደ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ይገባል። በመጀመሪያው ቀን መምህሩ በእንግሊዝኛ ያስተምረዋል። ትናንት በክፍሉ አንደኛ የነበረው ልጅ ዛሬ ዝም ብሎ ይቀመጣል። ጥያቄ ሲጠየቅ የማይመልሰው መልሱን ባለማወቁ ነው ወይስ ቃሉን በማጣቱ? መምህሩም አያውቅ፥ እርሱም አያውቅ። ሰሌዳ ላይ የተጻፈውን ቃል በቃል ገልብጦ በቃሉ ያጠናል። መምህሩም ሲጨንቀው ድምፁን ዝቅ አድርጎ በስዋሒሊ ያስረዳል፤ ፈተናው ግን በእንግሊዝኛ ይመጣል።

ይህ ነገር ሳይታወቅ ቀርቶ አይደለም። በ1982 ፕሬዚዳንቱ ያቋቋሙት የትምህርት ኮሚሲዮን የሁለተኛ ደረጃው ትምህርት ከ1985 ጀምሮ፥ ዩኒቨርሲቲውም ቈይቶ ወደ ስዋሒሊ እንዲዞር አሳብ አቀረበ። መንግሥቱ አልተቀበለውም። ያው ሼክስፒርን የተረጐሙት ኔሬሬ ራሳቸው፥ ስዋሒሊ ለታንዛንያ የሆነውን ያህል እንግሊዝኛም ለዓለም ሆኗልና ልንተወው አይገባም በማለት ተከራከሩ። በ2014 የወጣው የትምህርት ፖሊሲ እንደገና ወደ ስዋሒሊ አዘነበለ። ሆኖም የሁለተኛ ደረጃው ትምህርት እስከ ዛሬ በእንግሊዝኛ ነው።

የተቃዋሚዎቹን ክርክር በቀላሉ የምጥለው አይደለሁም። የሕክምናና የምሕንድስና መጻሕፍት የት አሉ? ተማሪው ከአገሩ ወጥቶ ሲሄድ በምን ይናገራል? ወላጆቹስ ቢሆኑ ገንዘብ ያለው ሁሉ ልጁን የሚያስገባው ከመጀመሪያው ክፍል ጀምሮ በእንግሊዝኛ ወደሚያስተምር የግል ትምህርት ቤት አይደለምን? ይህ ሁሉ እውነት ነው። ነገር ግን እንግሊዝኛን አጥብቆ ማስተማር አንድ ነገር ነው፤ ገና ባልተማረው እንግሊዝኛ ኬሚስትሪ ማስተማር ሌላ ነገር ነው። የኋለኛው ልጁን ሁለቱንም ሊያሳጣው ይችላል። እንግሊዞች ያን ጊዜ የሠሩት ግድግዳ፥ ልብ በሉልኝ ያልኋችሁ፥ እነርሱ ከሄዱ በኋላ ሳይፈርስ ቀርቷል።

ከትምህርት ቤቱ ይልቅ ግን እኔን የሚያስጨንቀኝ ፍርድ ቤቱ ነው። ምክንያቱን በራሴ ላይ በደረሰ ነገር ልንገራችሁ።

ከብዙ ዓመታት በፊት፥ ስሙን በማልጠራው አንድ መሥሪያ ቤት በጸሓፊነት ሳገለግል፥ ከሩቅ አገር የመጡ አንድ ሽማግሌ በመስኮቱ በኩል የታጠፈ ወረቀት ሰጡኝ። ዐማርኛ አይሰሙም ነበርና አብሯቸው የመጣ አንድ ልጅ ያስተረጕምላቸዋል። «አባባ ይህ ወረቀት ምን እንደሚል ንገሩኝ ይላሉ» አለኝ። ዘርግቼ ባየው የመሬት አቤቱታቸው ተቀባይነት ያጣ መሆኑንና ቅር ቢላቸው በሠላሳ ቀን ውስጥ ይግባኝ ማለት እንደሚችሉ የሚገልጽ ነው። ቀኑን ቈጠርሁት፤ ሠላሳው ቀን ካለፈ ሁለት ወር ሆኖታል። በሠፈራቸው ያነበበላቸው ሰው «ታገሡ፥ ይታይላችኋል ይላል» ብሏቸው ኖሯል። እርሳቸውም ታግሠው ተቀመጡ። ደብዳቤውን የጻፍሁት እኔ ነበርሁ። አጻጻፉ አለቃዬን ደስ አሰኝቶት ስለ ነበር ለሌሎች ጸሓፊዎችም እንደ ምሳሌ ተሰጥቷቸው ነበር።

ይህን ይዛችሁ ወደ ታንዛንያ ችሎት እንግባ። በታችኛው ፍርድ ቤት ክሱም ክርክሩም መዝገቡም በስዋሒሊ ነው። ከዚያ በላይ ባሉት ፍርድ ቤቶች ግን ለብዙ ዘመን የነበረው ሥርዐት እንዲህ ነበር። ምስክሩ ቆሞ በስዋሒሊ ይናገራል፤ ጠበቃው በስዋሒሊ ይጠይቀዋል፤ ዳኛውም ስዋሒሊ ዐዋቂ ነው። የሚጽፈው ግን በእንግሊዝኛ ነው። እየሰማ በልቡ ይተረጕማል፤ እየተረጐመ በእጁ ይጽፋል፤ ምስክሩም በተናገረ ቍጥር ዳኛው ጽፎ እስኪጨርስ ይጠብቃል። አንድ ሰው ያለ አስተርጓሚ የተናገረው ቃል መዝገብ ላይ ሲደርስ ትርጕም ሆኖ ይገኛል፤ ዋናው ቃል ግን የትም አልተጻፈም። ይግባኝ ሰሚው ዳኛ የሚያነበው ያንን ትርጕም ነው። ሦስት ስዋሒሊ ተናጋሪዎች በአንድ ክፍል ተቀምጠው ስለ አንዱ ነጻነት ወይም ስለ አንዱ መሬት በእንግሊዝኛ መዝገብ ሲያበጁ ማየት፥ ከውጭ ለሚመለከት ሰው እንደ ቀልድ ነው። ፍርዱ ተነቦ ሲያበቃ «ተፈረደልኝ ወይስ ተፈረደብኝ?» ብሎ ጠበቃውን ለሚጠይቀው ሰው ግን ቀልድ አይደለም።

ይህ ሥርዐት በ2021 ተናወጠ። በዚያ ዓመት የካቲት 1 ቀን የሕግ በዓል በዶዶማ ሲከበር ፕሬዚዳንት ጆን ማጉፉሊ፥ በሙሶማ ይሠሩ የነበሩትን ከፍተኛ ዳኛ ዜፋሪን ጋሌባን በጉባኤው ፊት አመሰገኗቸው፤ የይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት ዳኛ አድርገውም ሾሟቸው። ምክንያቱም እኒህ ዳኛ በአንድ የወርቅ ማዕድን ኩባንያ ጉዳይ ፍርዳቸውን በስዋሒሊ ጽፈው መስጠታቸው ነበር። ዳኛን በአንድ ፍርድ ምክንያት ከፍ ማድረግ ለዳኝነት ነጻነት የሚበጅ ልማድ ነው ለማለት አልደፍርም፤ ሌላው ዳኛ ነገ ምን ዐይነት ፍርድ ሹመት ያስገኝ ይሆን ብሎ እንዳያስብ ያሠጋል። ሆኖም በዚያው ዓመት የወጣው ሕግ የሕጎችና የፍርድ ቤቶች ቋንቋ ስዋሒሊ እንዲሆን፥ ለፍትሕ አስፈላጊ ሆኖ ሲገኝ ግን በእንግሊዝኛ መጠቀም እንዲፈቀድ ወሰነ። ለዘመናት በእንግሊዝኛ የተከማቸውን ሕግ ወደ ስዋሒሊ መመለስ የአንድ ቀን ሥራ አይደለም። ጠበቆቹም ሕግ የተማሩት በእንግሊዝኛ ነውና፥ አንዳንዱ በገዛ ቋንቋው ለመከራከር አሁን ቃል ሲፈልግ ይገኛል።

የቀረኝ አንድ ነገር ነው፤ ይህንንም ብዙዎቹ የስዋሒሊ አድናቂዎች ማንሣት አይወዱም። ከ120 የሚበልጡት ቋንቋዎች የት ደረሱ? በትምህርት ቤት አይማሩባቸውም፤ በመሥሪያ ቤት አይጻፍባቸውም። ወንድማማቾችን ላለማበላለጥ ሲባል ሁሉም እኩል ከደጅ ቀሩ። የዳሬሰላም ዩኒቨርሲቲ መምህራን በየአውራጃው እየዞሩ ቋንቋዎቹን መዝግበው በ2009 በካርታ አሳትመዋቸዋል፤ የሚያስመሰግን ድካም ነው። ነገር ግን በከተማ የሚወለደው የሱኩማ ወይም የቻጋ ልጅ ከአያቱ ጋራ የሚነጋገርበት ቃል እያጠረው መሄዱን ካርታው አያስቀረውም። ኢትዮጵያ የሄደችበት መንገድ ከዚህ የተለየ ነው፤ በየክልሉ ልጆች በአፍ መፍቻ ቋንቋቸው ይማራሉ፤ በ2020ም የሚኒስትሮች ምክር ቤት ኦሮምኛ፥ ትግርኛ፥ ሶማልኛና አፋርኛ ከዐማርኛ ጋራ የፌዴራሉ መንግሥት የሥራ ቋንቋዎች እንዲሆኑ ወስኗል። ለዚያ ውሳኔ «ጉዳዩ» የሚለውን ቃል በአራቱም ቋንቋ የሚጽፉት ግን ምክር ቤቱ ሳይሆን እናንተ ናችሁ፤ የታንዛንያን ካራኒ ያስታወስኋችሁም ስለዚህ ነው።

በምቡሉ ደጋ፥ ያ የኩሽ ወገን የሆነው ቋንቋ በሚነገርበት አገር፥ ስዋሒሊን አጥርተው የማይሰሙ አረጋውያን ዛሬም አሉ። ከነርሱ አንዷ በመሬት ክርክር ችሎት ብትቀርብ ዳኛው እንደ ዱሮው በእንግሊዝኛ አይጽፍም፤ በስዋሒሊ ይጽፋል። ከጎኗ ግን አሁንም አስተርጓሚ መቆም አለበት፤ እርሷም ወረቀቱ ምን እንደሚል የምታውቀው እርሱ በሚነግራት ልክ ነው።